ጆን ጆናስ፣ «ቨርቲካል ሮል»
እ.ኤ.አ. 1972፤ ጥቁርና ነጭ ቪዲዮ፣ ባለድምፅ፣ 20 ደቂቃ ያህል

የድሮ ቴሌቪዥን ምስል አልረጋ ብሎ ሲንከባለል ጥቁር መስመር እየደጋገመ በስክሪኑ ላይ ያልፋል። ሌላው ቁልፉን አዙሮ የሚያስተካክለውን ይህን ብልሽት ጆናስ ሆን ብላ ተወችው፤ ስክሪኑንም በሌላ ካሜራ ቀረጸችው። ፊቷ፣ እግሯና ጭንብሏ ተቆራርጠው ይታያሉ፤ ስትዘል ደግሞ መስመሩን የምትሻገረው ይመስላል። ማንኪያ በኃይል ሲመታ ይሰማል።

በ1936 ኒው ዮርክ የተወለደችው ጆናስ የተማረችው ቅርጻ ቅርጽ ነበር። የመጀመሪያ ቪዲዮ ካሜራዋን በ1970 ከጃፓን ገዛች፤ እዚያ ያየችው «ኖ» የተባለው የጃፓን ባህላዊ ቲያትርም በሥራዋ ላይ ዘልቆ ቀረ። የሴትን ገላ እንደ ልብ ማየት የለመደን ዓይን እንዲህ አጥብቆ የሚፈትን የዘመኑ ቪዲዮ ጥቂት ነው።

ድምፁ ቢከብድዎትም እስከ መጨረሻው ይቆዩ፤ በመዝጊያው ፊቷን በካሜራውና በቴሌቪዥኑ መካከል ታስገባለች።