የጎንደር ግንቦችና የእስልምና የሕንፃ ጥበብ



የትምህርት ቤታችንን የምሥረታ በዓል ምክንያት በማድረግ በሚታተመው በዚህ መጽሔት ላይ እኛም የታሪክ ክበብ ተማሪዎች ድርሻችንን እንድናበረክት በተጠየቅን ጊዜ፣ ስለ ምን እንጻፍ ብለን ብዙ ተከራከርን። በመጨረሻም አርእስቱን የሰጠን ያው ክርክራችን ሆነ። ነገሩ እንዲህ ነው። ከመካከላችን አንዱ «የጎንደርን ግንብ የሠሩት ፖርቱጋሎች ናቸው» አለ። ሌላው ተቆጥቶ «አባቶቻችን ብቻቸውን ሠሩት እንጂ የባዕድ እጅ አልነካውም» ሲል መለሰለት። ከኋላ ወንበር የተቀመጠ አንድ ሙስሊም ጓደኛችን ደግሞ «የኔ አባቶችስ በዚህ ታሪክ ውስጥ የሉበትም ወይ?» ብሎ ጠየቀ። ለዚህ ጥያቄ መልስ ያለው አልተገኘም። መምህራችንም «መልሱን ፈልጋችሁ አግኙና ጻፉት» አሉን። እንግዲህ ይህ ጽሑፍ ለጓደኛችን ጥያቄ የምንሰጠው መልስ ነው። በጽሑፉ ውስጥ የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድመን እናስታውቃለን።

የምንኖርበት አገር

ከተማችን ማክሰኝት ከጎንደር ወደ ባሕር ዳር በሚወስደው መንገድ ላይ የምትገኝ የጎንደር ዙሪያ ወረዳ ከተማ ናት። ስሟ የሚታወቀው በገበያዋና በእህሏ ይሁን እንጂ፣ ዙሪያዋን ለተመለከተ ሰው በታሪክ ሥፍራዎች የተከበበች ናት። በስተ ሰሜን አዘዞና ጎንደር አሉ። በደጋው በኩል አፄ ሱስንዮስ የተቀመጡበት ደንቀዝ አለ። ወደ ባሕር ዳር ሲወረድ ደግሞ እንፍራዝ ይገኛል፤ ከእንፍራዝም በላይ ጣናን ቁልቁል የሚያይ የጉዛራ ግንብ ቆሟል። ስለዚህ እኛ የታሪክ ትምህርታችንን ከመጽሐፍ ብቻ ሳይሆን ከድንጋይም ለማንበብ የታደልን ነን።

የእስልምና ጥበብ ሲባል ምን ማለት ነው?

ወደ ግንቦቹ ከመመለሳችን በፊት ስለ ጥበቡ ጥቂት ማስረዳት ይገባናል። የእስልምና ጥበብ ሲባል ሙስሊሞች ብቻ የሠሩት ሥራ ማለት አይደለም። በሙስሊም ነገሥታት ግዛት ውስጥ ከእስፓኝ እስከ ሕንድ ድረስ ያደገውን የሕንፃና የጌጥ ሥራ ሁሉ የሚያጠቃልል ስም ነው። በዚህም ሥራ ክርስቲያኑም፣ አይሁዱም፣ ሂንዱውም ግንበኛ ተካፍሎበታል።

በመስጊድ ውስጥ የሰውና የእንስሳ ሥዕል ስለማይደረግ፣ ጠቢባኑ ሐሳባቸውን ሁሉ ወደ ሦስት ነገሮች መለሱ። አንደኛው ጽሕፈት ነው፤ የዓረብኛውን ፊደል እያስረዘሙና እያጠላለፉ የግድግዳ ጌጥ አደረጉት። ሁለተኛው ሐረግ ነው፤ ቅጠልና ግንድ መጨረሻ በሌለው አኳኋን እየተጠማዘዘ ይሄዳል። ሦስተኛው በማስመሪያና በኮምፓስ የሚነደፈው የኮከብና የማዕዘን ንድፍ ነው። በሕንፃውም በኩል ቅስትንና ክብ ጣሪያን እጅግ አሳመሩ። በኢየሩሳሌም ያለው ባለ ወርቅ ጣሪያው የዓለት ጉልላት በ7ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ተሠራ። የሕንዱ ንጉሥ ሻህ ጃሃንም በአግራ ከተማ ታጅ ማሃልን ማሠራት የጀመረው በ1632 ገደማ ነው። በዚያው ዓመት በእኛ አገር አፄ ፋሲል ዙፋን ላይ መውጣታቸውን አንባቢው ልብ ይበል።

አገራችንም የራስዋ የእስልምና ሕንፃዎች ያሏት ናት። በሐረር ግንብ ውስጥ 82 መስጊዶች ይገኛሉ፤ ከነዚህም ሦስቱ ከ10ኛው መቶ ዓመት ጀምሮ የነበሩ ናቸው። በሰሜን ሸዋም በጥንቱ የኢፋት ግዛት የኖራ፣ የአስበሪና የመሳል ከተሞች ፍርስራሽ ከነመስጊዶቹ ይታያል። እኛ ግን በዚህ ጽሑፍ የምናተኩረው በደጃችን ባለው ላይ ነው።

የኖራ መገኘት

በቀድሞ ጊዜ በአገራችን ሰሜን ክፍል ድንጋይ የሚያያዘው በአብዛኛው በጭቃ ነበር። ጭቃ ደግሞ ዝናብ ሲያገኘው ይታጠባል፤ ስለዚህ በእርሱ ከፍ ያለ ፎቅና ክብ ጣሪያ መሥራት አስቸጋሪ ነው። ከ1624 እስከ 1633 በኢትዮጵያ የተቀመጠው የኢየሱሳውያን ቄስ ማኑኤል ደ አልሜይዳ እንደ ጻፈው፣ በአፄ ሱስንዮስ ዘመን ከሕንድ የመጣ አንድ አዋቂ ሰው ቀላልና ነቀዝ የበላው የሚመስል ድንጋይ አየ። በሕንድ በካምባይ ወደብ እንዲህ ካለው ድንጋይ ኖራ እንደሚቃጠል ያውቅ ነበርና ለንጉሡ አሳወቀ። ይህም በ1621 ገደማ የሆነ ነው። ካምባይ በጉጅራት አገር የሚገኝ፣ በዚያን ጊዜ በሞጎል ሙስሊም ነገሥታት ሥር የነበረ ታላቅ የንግድ ወደብ ነው።

በሳይንስ ክፍላችን እንደ ተማርነው፣ የኖራ ድንጋይ በምድጃ ውስጥ በብርቱ እሳት ሲቃጠል በውስጡ ያለው ካርቦን ዳይኦክሳይድ ይወጣል። የተረፈው በውኃ ሲበርድ ይፈርሳል፤ ከአሸዋ ጋራ ተቦክቶ በድንጋይ መካከል ሲገባ ደግሞ ያንኑ አየር ከነፋስ እየመለሰ ስቦ ዳግመኛ ድንጋይ ይሆናል። የጎንደር ግንቦች ይህን ያህል ዘመን ሊቆሙ የቻሉት በዚህ ምክንያት ነው። በወረራው ጊዜ ጣሊያኖች ግንቦቹን ሲጠግኑ ሲሚንቶ ተጠቅመው ነበር፤ በኋላ የመጡት ጠጋኞች ግን ሲሚንቶውን እያስወገዱ ወደ ኖራው ተመለሱ።

አፄ ሱስንዮስም ይህ ኖራ ከተገኘ በኋላ በደንቀዝ ከድንጋይና ከኖራ ቤተ መንግሥት አሠሩ። ዛሬ ፍርስራሹ ብቻ ቢቀርም፣ ለጎንደር ግንብ ታላቅ ወንድሙ እርሱ ነው ቢባል ስሕተት አይሆንም። የጉዛራ ግንብ ግን ከእርሱም ይቀድማል፤ ያሠሩት ከ1563 እስከ 1597 የነገሡት አፄ ሠርፀ ድንግል ናቸው ይባላል። ሆኖም ግንቡ በኖራ የተያዘ ስለ ሆነ፣ ኖራው የተገኘው በ1621 ገደማ ከሆነ ጉዛራ ከዚያ በኋላ የተሠራ መሆን አለበት የሚሉ ሊቃውንት አሉ። አንድ እፍኝ ኖራ የመቶ ዓመት ታሪክ ሲያከራክር ማየት ለእኛ ታላቅ ትምህርት ሆኖናል።

የየመኑ መልእክተኛ ምስክርነት

አፄ ፋሲል የኢየሱሳውያንን ቄሶች ከአገር ካስወጡ በኋላ በ1636 ጎንደርን ቆረቆሩ። በቀይ ባሕር በኩል የንግድ በር ለመክፈት ፈልገው ወደ የመኑ ኢማም መልእክት ላኩ። ኢማሙም ሐሰን ኢብን አሕመድ አል ሐይሚ የተባለውን ሊቅ ላከላቸው፤ እርሱም በ1648 ጎንደር ደረሰ። ይህ ሰው የጉዞውን ታሪክ በዓረብኛ ጽፎ ሲተው፣ ከድንጋይና ከኖራ የተሠራውን የንጉሡን ቤት ውበት እያደነቀ ግንበኛው ሕንዳዊ እንደ ሆነና ሥራውም የአገሩን የሕንድን ሥርዓት የተከተለ እንደ ሆነ ገልጿል። ግንቡን በአዲስነቱ ካዩት ሰዎች መካከል ጽሑፉ ለእኛ የደረሰን ምስክር በመሆኑ ቃሉ ከባድ ነው።

እንግዲህ ግንቡን ራሱን እንመልከት። በአራቱ ማዕዘን አራት ክብ ግንቦች ቆመው እያንዳንዳቸው የእንቁላል ቅርጽ ያለው ክብ ጣሪያ ደፍተዋል። መስኮቱና በሩ በቅስት የተሠራ ነው። በሕንድና በፋርስ አገር ክብ ጣሪያ በአራት ማዕዘን ክፍል ላይ ሲደፋ፣ ግንበኛው መጀመሪያ ማዕዘኖቹን ቆርጦ ስምንት ጎን ያደርገዋል፤ ከዚያም ወደ ክብ ይወስደዋል። በጎንደር ግን ጣሪያው የተደፋበት ግንብ አስቀድሞም ክብ ስለ ሆነ ይህ ድካም አላስፈለገም። ክብ ቤት መሥራት ደግሞ ለአገራችን ሰው የጥንት እውቀቱ ነው። ከሕንድ የመጣው ጥበብና የአገሩ ልማድ በዚህ ላይ እንደ ተገናኙ እኛ እንገምታለን።

የሞጎል መንግሥት ግንኙነትም በግንበኛ ብቻ አላበቃም። አፄ ፋሲል በዘመናቸው መጨረሻ ወደ ሞጎሉ ንጉሥ ወደ አውራንግዜብ መልእክተኞች ልከው ነበር። ከመልእክተኞቹ አንዱ ሙራድ የሚባል አርመናዊ ክርስቲያን፣ ሁለተኛው ሙስሊም ነጋዴ ነበሩ። በዚያን ጊዜ በዴልሂ የነበረው ፈረንሳዊ ሐኪም ፍራንሷ በርኒዬ እንደ ጻፈው፣ አውራንግዜብ በኢትዮጵያ ለፈረሰ አንድ መስጊድ መጠገኛ 2,000 ሩፒ ሰጥቷል። ክርስቲያን ንጉሥ ክርስቲያንና ሙስሊም አጣምሮ መላኩ ሊታሰብበት የሚገባ ነገር ነው።

አዲስ ዓለምና እንፍራዝ

ይሁን እንጂ ታሪክ የሚያስደስተውን ብቻ መርጦ የሚነግሩት ነገር አይደለም። በ1668፣ በአፄ ዮሐንስ ቀዳማዊ ዘመን በጎንደር በተደረገው ጉባኤ ሙስሊሞች ከክርስቲያኖች ተለይተው እንዲኖሩ ተወሰነ። የጎንደር ሙስሊሞችም በቃሐ ወንዝ በኩል ባለው ሠፈር ተቀመጡ፤ ይህም አዲስ ዓለም የሚባለው ነው። ከመቶ ዓመት በኋላ ጎንደርን ያየው ጀምስ ብሩስ በሙስሊሞቹ ከተማ 3,000 ያህል ቤቶች እንዳሉና ከነርሱም ብዙዎቹ የንጉሡንና የመኳንንቱን ድንኳንና ጓዝ የሚጠብቁ መሆናቸውን ጽፏል። ከባሕር ማዶ የሚመጣውም ሐርና ጨርቅ በአብዛኛው በሙስሊም ነጋዴዎች እጅ የሚያልፍ ነበር። በአንዳንድ የብራና መጻሕፍት ሽፋን ውስጥ ዛሬም የሕንድ አበባማ ጨርቅ ተለጥፎ ይገኛል። መስጊድና ቤተ ክርስቲያን ተለያይተው ቢኖሩም ጌጡ ድንበር አላገደውም ማለት ነው።

ከሁሉ ይልቅ ልባችንን የነካው ግን የጎረቤታችን የእንፍራዝ ነገር ነው። ታላቁን ኢያሱን ለማከም የመጣው ፈረንሳዊው ሐኪም ሻርል ፖንሴ በ1700 በእንፍራዝ አልፎ ነበር። እርሱም ሙስሊሞች ሃይማኖታቸውን በግልጥ የሚፈጽሙባትና ቤታቸው ከክርስቲያኖች ቤት ጋራ ተቀላቅሎ የሚገኝባት ብቸኛዋ የኢትዮጵያ ከተማ እንፍራዝ እንደ ሆነች ጻፈ። «ብቸኛዋ» ማለቱ መንገደኛ እንደ መሆኑ የተጋነነ ሊሆን ይችላል። ነገር ግን የጉባኤው ውሳኔ ከወጣ ከሠላሳ ሁለት ዓመት በኋላ እንኳ በእኛ አካባቢ ጎረቤት ከጎረቤቱ ሳይለይ ይኖር እንደ ነበር ያስረዳል።

ኮከቡ የማን ነው?

በፋሲል ግንብ በሮች ላይ ባለ ስድስት ጫፍ ኮከብ ተቀርጾ ይታያል። አስጎብኚዎች ይህ የዳዊት ኮከብ ነው፤ ነገሥታቱ ከሰሎሞን ዘር መሆናቸውን ያመለክታል ይላሉ። ይህ ትርጓሜ ለቤተ መንግሥቱ የሚስማማ ነው። በእስልምናው ዓለም ደግሞ ይኸው ቅርጽ «የሱለይማን ማኅተም» እየተባለ በመስጊድ፣ በገንዘብና በዕቃ ላይ ሲቀረጽ ኖሯል። ሰሎሞን የተባለውና ሱለይማን የተባለው አንድ ሰው ነው።

አንባቢው ኮከቡን ራሱ ሊነድፈው ይችላል። በኮምፓስ አንድ ክብ ይሥራ፤ የኮምፓሱን ስፋት ሳይለውጥ በክቡ ዙሪያ ምልክት ቢያደርግ ልክ ስድስት ነጥብ ይወጣለታል። ነጥቦቹን አንድ እየዘለለ በማስመሪያ ቢያገናኝ ሁለት ሦስት ማዕዘኖች ተጠላልፈው ኮከቡ ይሆናሉ። የሰማርቃንድና የግራናዳ ጠቢባን ግድግዳ የሚያለብሱበት ሥራ የሚጀምረው ከእንዲህ ያለው ቀላል ክብ ነው። እኛም ይህን በክፍላችን በሞከርን ጊዜ የተከራከሩት ጓደኞቻችን በአንድ ወረቀት ላይ አጎንብሰው ሲሠሩ ማየታችን ደስ አሰኝቶናል።

መደምደሚያ

ታዲያ የክርክራችን ፍርድ ምን ሆነ? ፖርቱጋሎች ሠሩት ላለው ወንድማችን፣ ኢየሱሳውያን በጎርጎራና በሌላም ሥፍራ ያሠሩት ሕንፃ ለኋላው ሥራ አስተዋጽኦ አላደረገም አንልም፤ ነገር ግን የፋሲል ግንብ የተሠራው እነርሱ ከወጡ በኋላ ነው። የባዕድ እጅ አልነካውም ላለው፣ የሕንዱን ግንበኛና የኖራውን ነገር እናስታውሰዋለን። ያሠሩት የኢትዮጵያ ነገሥታት ናቸው፤ ድንጋዩን የፈለጠውና የተሸከመውም የአገሩ ሰው ነው። እውቀትን ከሌላ መቀበል ግን የሚያኮራ እንጂ የሚያሳፍር አይደለም። «የኔ አባቶች የሉበትም ወይ?» ላለው ጓደኛችንም እንዲህ እንመልሳለን፦ አሉበት። በጣሪያው ቅርጽ ውስጥ አሉ፤ ከየመንና ከሕንድ በተመላለሰው መልእክትና ንግድ ውስጥ አሉ፤ በንጉሡ ድንኳን ዙሪያ አሉ፤ በእንፍራዝ ጎረቤትነትም ውስጥ አሉ።

በመጨረሻም ወላጆቻችንንና ታናናሾቻችንን አንድ ነገር እንለምናለን። በደንቀዝም ሆነ በሌላው ሥፍራ ከወደቀው ግንብ ለቤት መሥሪያና ለአጥር ድንጋይ አንውሰድ። ድንጋዩ ሲነሣ የሚጠፋው ግድግዳው ብቻ አይደለም፤ በመካከሉ ያለው ኖራ የሚሰጠው ምስክርነትም አብሮ ይጠፋል። ከእኛም በኋላ በዚህ ትምህርት ቤት የሚቀመጡ ተማሪዎች ተከራክረው መልስ የሚፈልጉበት ቀን ይመጣልና፣ ምስክሩን በሥፍራው ቆሞ እንዲያገኙት እናድርግ።