ዜና ጸጋዬ፣ የቋራውን ሰው በመድረክ ያቆመ

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ። የተውኔት ደራሲውን የጸጋዬ ገብረ መድኅንን ዜና፣ ሰሊጡ ታጭዶ ነዶው ቆሞ በሚደርቅበት ወራት፣ በመተማ ቆላ ተቀምጠን መጻፍ ጀመርን።

አስቀድሞ ስለ አገሩ። ከጎንደር በአዘዞ አድርገው፣ አይከልን አልፈው ወደ ገንደ ውሃ ሲወርዱ ደጋው ያልቃል፣ ነፋሱም ይሞቃል። መንገዱ ከሚያልቅበት ከድንበሩ ጫፍ መተማ ዮሐንስ አለ፤ ማዶው ገላባት ነው። አፄ ዮሐንስ በመጋቢት 1 ቀን 1881 ዓ.ም. ከደርቡሽ ጋር ሲዋጉ እዚህ ቆስለው በማግሥቱ ዐረፉ፤ ከተማውም በስማቸው ተጠራ። የእርሳቸው ነገር ግን ራሱን የቻለ መጽሐፍ ይሻልና አንገባበትም። የኛ ነገር ከዚያ በስተደቡብ፣ ከቋራ ነው።

በቋራ ካሳ ኃይሉ ተወለደ። እስኪነግሥ «እሱ» እንለዋለን፤ ከነገሠ ወዲያ ግን «እርሳቸው» ማለት ግድ ነው። መኳንንቱ «የኮሶ ሻጭ ልጅ» እያሉ ሰደቡት። በ1840 ዓ.ም. ወደ ሱዳን ወርዶ ደባርቂ ላይ ከግብፆች ጋር ገጠመ፤ መድፋቸውም ሠራዊቱን ፈጀበት። በኋላ ሴባስቶፖል የተባለውን መድፍ ያሠራው ናፍቆት ያን ቀን የተፀነሰ ይመስለኛል። በየካቲት 1847 ዓ.ም.፣ በዘመነ ሉቃስ፣ ደረስጌ ማርያም ላይ ቴዎድሮስ ተብለው ነገሡ። ከእርሳቸው በፊት የነገሥታት ዜና በግዕዝ ይጻፍ ነበር፤ የእርሳቸውን ግን ደብተራ ዘነብና አለቃ ወልደ ማርያም በአማርኛ ጻፉት። ይህን አንባቢ ይያዝልኝ።

ወደ ጸጋዬ እንመለስ። ጠላት አዲስ አበባ በገባበት በ1928 ዓ.ም.፣ በዘመነ ዮሐንስ፣ በነሐሴ ወር፣ በአምቦ አጠገብ ቦዳ በተባለ ስፍራ ተወለደ። አቡነ ጴጥሮስ በፋሽስት ጥይት ከወደቁ ገና ወር አልሞላም ነበር፤ ሕፃኑም አድጎ «ጴጥሮስ ያቺን ሰዓት» የተባለውን ተውኔት ጻፈላቸው። በአባቱ ኦሮሞ፣ በእናቱ የአንኮበር አማራ ነው። ኦሮምኛውን ከቀዬው፣ ግዕዙን ከቄስ ትምህርት ቤት፣ እንግሊዝኛውን ከአዲስ አበባ ቀዳ። ገና ልጅ ሳለ «ንጉሥ ዲዮኒሲዮስ» የተባለ ትያትር ጽፎ በጃንሆይ ፊት ታየለት። ከዚህም በኋላ ሕግ አጠና፤ ሕጉን ግን ተወው። በ1952 ዓ.ም. ገደማ ባሕር ተሻግሮ በለንደን ሮያል ኮርት፣ በፓሪስም ኮሜዲ ፍራንሴዝ የመድረክን ጥበብ ቀሰመ። ተመልሶ የዛሬውን ብሔራዊ ትያትር፣ ያን ጊዜ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ትያትር የሚባለውን ቤት፣ ዐሥር ዓመት ያህል መራ። ሼክስፒርን አማርኛ አስተማረው፤ ኦቴሎ፣ ሐምሌትና ማክቤዝ በእሱ አፍ ተናገሩ። «የከርሞ ሰው» በወጣ ጊዜ ሕዝቡ የራሱን ሰፈር በመድረክ አየ። ቋንቋው ከበደን ያሉ ነበሩ፤ ውሸት አይደለም፣ ይከብዳል። ቅኔ የቆጠረ ሰው ግን ሰሙን ጥሎ ወርቁን ይዞ ይወጣል።

አሁን ወደ ያዝነው ነገር እንድረስ። በ1950ዎቹ አጋማሽ ጸጋዬ «ቴዎድሮስ»ን ጻፈ። ግርማቸው ተክለ ሐዋርያት በ1942 ዓ.ም. በዚሁ ርእስ በአማርኛ ቀድሞታል። ዜናቸውን ከግዕዝ ወደ አማርኛ ያወጡት ንጉሥ በጸጋዬ እጅ መጀመሪያ የተናገሩት ግን በእንግሊዝኛ፣ መቅደላን ባቃጠለው በእንግሊዙ ጄኔራል በናፒየር ቋንቋ ነበር። ይህን የሚነቅፍ ይኖራል፤ እኔ አልነቅፍም። ንጉሡ በ1855 ዓ.ም. ለንግሥት ቪክቶሪያ ደብዳቤ ልከው መልስ አጥተዋል፤ የመቅደላም መዘዝ የመጣው ከዚያ ነው። መቶ ዓመት ያህል ቆይቶ የአምቦ ልጅ ነገራቸውን ያለ አስተርጓሚ በእንግሊዝኛ ጻፈላቸው። እንደ ሁለተኛ ደብዳቤ እቆጥረዋለሁ። በደርግ ዘመን በ1970ዎቹ ደግሞ ጸጋዬ ራሱ ቴዎድሮስን በአማርኛ መድረክ ላይ አወጣቸው፤ ያን ጊዜ ንጉሡ ወደ ዘነብ ቋንቋ ተመለሱ።

ከዚህ ቀደም ብሎ አብዮት መጥቶ ነበር። «ሀሁ በስድስት ወር» በነውጡ ወራት ታየ። ጸጋዬ ምክትል ሚኒስትር ሆነ፣ ጥቂት ጊዜም ታሰረ፤ ሹመትና እስር በአንድ ሰው ላይ መፈራረቃቸው በአገራችን አዲስ አይደለም። በዩኒቨርሲቲ የትያትር ጥበባት ትምህርት ክፍል ሲቋቋም እጁ ነበረበት። በለንደን ኦክስፎርድ ያሳተመለትን «ኦዳ ኦክ ኦራክል»፣ ከብሬክት ያመጣውን «እናት ዓለም ጠኑ»፣ ሌላውንም ሁሉ ብንዘረዝር ወረቀቱ አይበቃንም።

ኋላ ኩላሊቱ ታመመና ወደ ኒው ዮርክ ሄደ። በዚያም በየካቲት 18 ቀን 1998 ዓ.ም.፣ በዘመነ ማርቆስ፣ ዐረፈ። አስከሬኑ መጥቶ በአዲስ አበባ ቅድስት ሥላሴ ካቴድራል ተቀበረ።

የቴዎድሮስም አፅም፣ እንደሚነገረው፣ ከመቅደላ ፈልሶ በዚሁ በቆላው ማኅበረ ሥላሴ ገዳም ዐርፏል። በመጋቢት 2011 ዓ.ም. ደግሞ እንግሊዞች ከንጉሡ ራስ ላይ ቆርጠው የወሰዱት ጸጉር ከለንደን ተመለሰ። የመለሰው ሙዚየም ያለው በቼልሲ ነው፤ ሮያል ኮርትም፣ ጸጋዬ በወጣትነቱ የተማረበት ቤት፣ በዚያው ሰፈር ነው።