ቦታ የጠበበው ካርታ ሠሪ

«ያላዩት አገር አይናፍቅም» ይላል ያገራችን ሰው። ፍራ ማውሮ የተባለው የቬኒስ መነኩሴ ግን ይህን ተረት አፍርሶታል። በ15ኛው መቶ ዘመን አጋማሽ (ዘመኑን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጠቅሰው) በቬኒስና በሙራኖ መካከል ባለችው የሳን ሚኬሌ ደሴት፣ ገዳሙ ውስጥ ተቀምጦ ዓለምን በሞላ በብራና ላይ አሰፈራት። ካርታው ክብ ነው፤ ከዳር እስከ ዳር ሁለት ሜትር ይጠጋል፤ ወደ 3,000 የሚደርሱ ጽሑፎች ሰፍረውበታል። ዛሬም የቬኒሱ የማርቺያና ቤተ መጻሕፍት ሀብት ነው።

ሰውየውን ባለ ራዕይ ያሰኘው የሥዕሉ ማማር አይደለም። በዘመኑ የዓለም ካርታ ሲሣል ኢየሩሳሌም እምብርት ላይ ትቀመጣለች፣ ገነት በምሥራቅ በኩል ትሣላለች። ማውሮ ገነትን ከዓለም ክብ አውጥቶ ጥግ ላይ ለብቻዋ አኖራት። ኢየሩሳሌምንም ከእምብርቱ ፈቀቅ አደረጋትና መሐልነቷ በመሬት ስፋት ሳይሆን በሕዝብ ብዛት ይታሰብ ሲል አስረዳ። ይህን የሚለው መነኩሴ ነው እንግዲህ! ታላቁ በጥሊሞስ የህንድን ውቅያኖስ በየብስ የተዘጋ አድርጎት ነበር፤ ማውሮ ከፈተው። በአፍሪካ ደቡብ ዞሮ በመርከብ ማለፍ ይቻላል አለ። የፖርቱጋሉ ንጉሥ አፎንሶ 5ኛ የካርታውን ቅጂ አሠርቶ በ1459 ተላከለት። ባርቶሎሜው ዲያዝ ያንን ጫፍ የዞረው በ1488፣ ቫስኮ ደ ጋማ ህንድ የደረሰው በ1498 ነው።

ይህን ሁሉ ከየት አወቀው? ጠይቆ! ቬኒስ የዓለም ነጋዴና መርከበኛ የሚራገፍባት ወደብ ነበረች። እሱም በዓይናቸው ያዩትን ሰዎች ለብዙ ዓመታት እየፈለገ እንደጠየቀ እዚያው ካርታው ላይ ጽፏል።

የእኛ ነገር የሚመጣው እዚህ ላይ ነው። አውሮፓውያን ከ12ኛው መቶ ዘመን ጀምሮ ቄስ ዮሐንስ የሚባል ንጉሥ በልባቸው ሠርተው ነበር፤ ወንዙ ዕንቁ የሚያፈስ፣ ግዛቱ ጉድ የሞላበት። መጀመሪያ እስያ ውስጥ ፈለጉት፤ ኋላ ወደ ኢትዮጵያ አዞሩት። በማውሮም ካርታ ላይ የቄስ ዮሐንስ ስም አልቀረም። ከዚያ የልብ ወለድ ስም አጠገብ ግን ዓባይ አለ፤ ተከዜ፣ መረብ፣ አዋሽ አሉ፤ አምሐራ፣ ሸዋ፣ ፈጠጋር አሉ። ሥነ ጽሑፍ ያስተማርኩ ሰው ነኝና ልብ ወለድና እውነት ጎን ለጎን ተቀምጠው ሳይ እገረማለሁ፤ እንዲህ አንድ ብራና ላይ ተጋፍተው ያየሁበት ጊዜ ግን ጥቂት ነው።

እነዚህን ስሞች ማን ነገረው? ራሱ ይመልሳል። የጥንት ሰዎች ስለማያውቁት የደቡብ አገር ይህን ያህል መናገሬ ለሚያስደንቀው፣ የሰማሁት እዚያው ከተወለዱ የሃይማኖት ሰዎች ነው፤ አውራጃውን፣ ከተማውን፣ ወንዙንና ተራራውን በገዛ እጃቸው ሥለው ከነስሙ ሰጥተውኛል ይላል። በዚያ ዘመን የእኛ መነኮሳት ከኢየሩሳሌም አልፈው ኢጣሊያ ይዘልቁ ነበር፤ በ1441 ልዑካኖቻቸው ለጉባኤ ፍሎረንስ ገብተዋል። እዚህ ቤት የነበረው ንጉሥ ዘርዐ ያዕቆብ ነው።

ማውሮ አንድ ነገር ጨምሯል፦ የነገሩኝን ሁሉ በየቦታው አላስቀመጥኩም፤ ቦታ ጠበበኝ አለ። ሰጪዎቹ ስም በስም ላይ ሲያዘንቡለት ኢትዮጵያ ከልኳ በላይ ተለጥጣ የአፍሪካን ምሥራቅና ደቡብ አጥለቀለቀች። የካርታው አናት ደቡብ ስለሆነ ከግብፅ በላይ ገዝፋ ትታያለች። ስሕተት ነው፤ ግን ከአገሬው የመስማት ስሕተት ነው። ሳይጠይቅ ባዶውን ቦታ በአውሬ ሥዕል ከሚሞላው ሰው ስሕተት ይኼ ይሻለኛል።

አንድ ነገር ግን ይቆረቁረኛል። ማውሮ ወደር የሌለው የዓለም ሣይ ተብሎ መልኩ በሜዳልያ ተቀርጿል። የእነዚያ መነኮሳት ስም የት አለ? ወንዙን ከነስሙ የጻፈ ሰው የወንዙን ልጅ ስም አልጻፈም። ቦታ ጠቦት ይሆን?

ፈረንጁን ብቻ አንውቀስ። እኛስ? ከአዛውንት አፍ ተረትና ምሳሌ፣ ከሙሾ አውራጅ ግጥም ሰብስበን መጽሐፍ እናሳትማለን። ሽፋኑ ላይ ስማችን በደማቁ ይጻፋል። ተናጋሪዋ ግን «አንዲት የ70 ዓመት ባልቴት» ሆና ትቀራለች። ማውሮ እንኳ ቢያንስ «ሥለው ሰጡኝ» ብሏል።

ሌላ መንገድ እንደነበረ የሚያሳይ ሰው አለ። ጀርመናዊው ሂዮብ ሉዶልፍ አባ ጎርጎርዮስን በ1649 ሮም ላይ አገኛቸው፤ በ1652 ደግሞ ጎታ ድረስ አስመጥቶ ስለ አገራቸው ጠየቃቸው። በመጽሐፉ ስማቸውን በግልጽ አነሣ፤ በ1691 ባሳተመው ሐተታውም ሥዕላቸውን አኖረ። ለዚህ ነው ዛሬ አባ ጎርጎርዮስን የምናውቃቸው።

እንግዲህ ደብተርና መቅረጫ ይዛችሁ በየገጠሩ የምትሄዱ ወጣት ተመራማሪዎች፣ ጥያቄውን ከመጀመራችሁ በፊት «ስምዎን ማን ልበል?» በሉ። እሺ ካሏችሁ ደግሞ ጻፉት። አንድ መስመር ቦታ አይጠብም።