ሰባኪውን ማን ይመረምረዋል? ከአሜሪካ ነፃነት ማግሥት የተነሡ ሰባኪዎችና አዳዲስ እንቅስቃሴዎች

መግቢያ

እ.ኤ.አ. በነሐሴ ወር 1801 በአሜሪካ የኬንታኪ ግዛት፣ ኬን ሪጅ በምትባል የገጠር አጥቢያ የጌታን እራት ለመውሰድ ጉባኤ ተጠራ። በዚያን ጊዜ የግዛቱ ትልቋ ከተማ ሌክሲንግተን ሁለት ሺህ ነዋሪ እንኳ አልነበራትም። ወደ ኬን ሪጅ የጎረፈው ሕዝብ ግን በወቅቱ በተሰጡት ግምቶች ከ10,000 እስከ 25,000 ይደርስ ነበር። ሰዎች ጋሪያቸውን አቁመው፣ ድንኳን ተክለው አንድ ሳምንት ያህል ሰነበቱ። ጉባኤውን የጠሩት ፕሬስቢቴሪያኖች ቢሆኑም ሜቶዲስቶችና ባፕቲስቶችም ሰበኩ። የጸሎት ቤቱ ሕዝቡን ሊይዝ ስላልቻለ በየሜዳው ብዙ ሰባኪዎች በአንድ ጊዜ ይሰብኩ ነበር። የሚያለቅሰው፣ የሚጮኸውና መሬት ላይ የሚወድቀው ብዙ ነበር።

የአጥቢያው መጋቢ ባርተን ስቶን ይባላል። ሦስት ዓመት ሳይሞላ ስቶንና አምስት የአገልግሎት ባልንጀሮቹ ከቤተ ክርስቲያናቸው አስተዳደር ወጥተው፣ ከመጽሐፍ ቅዱስ በቀር ሌላ መመሪያ የለንም ብለው ፈረሙ። ከእነዚህ ስድስት ፈራሚዎች መካከል በጥቂት ዓመታት ውስጥ አራቱ መንገዳቸውን ለይተው ሄዱ።

ውድ አንባቢያን፣ የዚህ ጽሑፍ ጥያቄ የሚነሣው ከዚህ ነው። ሕዝብ የሚወደውን፣ እግዚአብሔርም የተጠቀመበትን ሰባኪ ማን ይመረምረዋል? ከአሜሪካ ነፃነት በኋላ ባሉት ስድሳ ዓመታት ይህ ጥያቄ በተለያየ መንገድ ተመልሷል። አራቱን እንመለከታለን። በጽሑፉ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

1. መድረኩ እጅ ሲለውጥ

ከነፃነት በፊት በኒው ኢንግላንድ ግዛቶች የመድረኩ ባለቤት የተማረው መጋቢ ነበር። ሃርቫርድ በ1636፣ የል ደግሞ በ1701 ሲመሠረቱ አንዱ ዋና ዓላማቸው ለአብያተ ክርስቲያናት የተማሩ አገልጋዮችን ማፍራት ነበር። በኮነቲከትና በማሳቹሴትስ የመጋቢው ደመወዝ ከሕዝቡ በሚሰበሰብ ግብር ይከፈል ነበር። ይህ ሥርዓት በኮነቲከት እስከ 1818፣ በማሳቹሴትስ እስከ 1833 ቆይቷል።

በ1776 የታወጀው ነፃነት ግን ከመንግሥት ለውጥ ያለፈ ነገር አመጣ። ንጉሥን አልገዛም ያለ ገበሬ፣ ኮሌጅ ስለገባ ብቻ ስለ ነፍሱ የሚወስንለትን ሰውም መጠየቅ ጀመረ። በዚያው ዘመን ብዙ ሕዝብ ተራራውን ተሻግሮ ወደ ምዕራብ ፈለሰ። የተማሩት መጋቢዎች ቁጥራቸው አነስተኛ ስለነበር ሊከተሉት አልቻሉም። ክፍተቱን የሞሉት እርሻቸውንና የእጅ ሥራቸውን ትተው የወጡ ወጣቶች ናቸው። በሕዝቡ ቋንቋ ተናገሩ፣ በሕዝቡ ቤት አደሩ፣ ሕዝቡ የሚበላውን በሉ።

እዚህ ላይ ቸኩለን አንፍረድ። ወንጌልን ሰምቶ ለማያውቅ ሰፋሪ፣ ግሪክኛ የማያውቅ ነገር ግን ደጁ ድረስ የመጣ ሰባኪ፣ ግሪክኛ ከሚያውቅና ከማይመጣው ይሻለዋል። ሴሚናሪ ውስጥ ያለን ሁሉ ይህን ማስታወስ ይገባናል።

2. አስበሪ፦ የሚጋልብና የሚጠየቅ ሰባኪ

ፍራንሲስ አስበሪ በ1745 በእንግሊዝ አገር ከድኃ ቤተ ሰብ ተወለደ። በ1771 ጆን ዌስሊ ወደ አሜሪካ ላከው። ኮሌጅ አልገባም፤ አላገባም፤ የራሱ የሚለው ቤት አልነበረውም። በ1816 እስኪሞት ድረስ አብዛኛውን ዕድሜውን በፈረስ ጀርባ ላይ አሳለፈ። በ1784 የአሜሪካ ሜቶዲስቶች 15,000 ያህል ነበሩ፤ እርሱ በሞተበት ዓመት ከ200,000 በላይ ሆነው ነበር።

ይህን እድገት ስናነብ ዓይናችን ወደ ፈረሱ ይሄዳል። እኔ ግን ወደ ሥርዓቱ እንድትመለከቱ እጠይቃለሁ። የሜቶዲስት ተዘዋዋሪ ሰባኪ በፈለገበት አይሄድም ነበር። የአገልግሎት ዙር ይሰጠዋል፣ የተመደቡለትን ጣቢያዎች በሳምንታት ውስጥ ያዳርሳል፣ ከዚያም ወደ ሌላ ዙር ይዛወራል። በየጣቢያው ምእመናን በትናንሽ ኅብረቶች ተደራጅተው፣ በአንድ ኅብረት መሪ ሥር ስለ ነፍሳቸው ሁኔታ ይጠያየቃሉ። ሰባኪውም ራሱ በዓመታዊው ጉባኤ ይጠየቃል። ስሙ ተጠርቶ፣ ሕይወቱና ትምህርቱ ነቀፋ እንዳለበትና እንደሌለበት በባልንጀሮቹ ፊት ይመረመራል። ምንም ያህል ሕዝብ ቢከተለው ከዚህ ጥያቄ አያመልጥም።

አስበሪ ራሱም ለዚህ ተገዝቷል። በ1784 ዌስሊ የአሜሪካ ሥራ የበላይ ኃላፊ አድርጎ ሲሾመው፣ አስበሪ የዌስሊ ሹመት ብቻውን አይበቃም አለ። ሰባኪዎቹ ተሰብስበው እንዲመርጡት ጠየቀ። በዚያው ዓመት በገና ሰሞን በባልቲሞር በተደረገው ጉባኤ ተመረጠ፤ በተከታታይ ቀናትም ዲያቆን፣ ሽማግሌ፣ ከዚያም የበላይ ኃላፊ ሆኖ ተሾመ።

ሥርዓቱ ግን ፍጹም አልነበረም። በ1792 ጀምስ ኦኬሊ የተባለ አንጋፋ አገልጋይ፣ አንድ ሰባኪ አስበሪ የሰጠው ምደባ ቢጎዳው ለጉባኤው ይግባኝ የማለት መብት ይኑረው ብሎ ተከራከረ። ሐሳቡ ሲወድቅበት ብዙዎችን ይዞ ወጣ። ሰባኪዎቹን የሚመረምረው ጉባኤ መሪውንም በበቂ ይመረምራል ወይ የሚለው ጥያቄ ሳይመለስ ቀረ።

3. አለን፦ መርማሪው ራሱ ሲበድል

ከዚህ የከፋው በደል በባርነት ጉዳይ የተፈጸመው ነው። የ1784ቱ ጉባኤ ባሪያ የያዘ ሜቶዲስት ባሪያውን ነፃ እንዲያወጣ የሚያዝዝ ደንብ አወጣ። ባሪያ አሳዳሪዎች ተቃወሙ፤ ደንቡ ዓመት ሳይሞላው በ1785 ታገደ። ሰባኪን ስለ አንደበቱ የሚጠይቅ ጉባኤ፣ ባለ ርስቱን ስለ ባሪያው መጠየቅ አቃተው።

ሪቻርድ አለን በ1760 በባርነት ተወለደ። በወጣትነቱ በሜቶዲስት ስብከት ጌታን አገኘ፣ ሠርቶ ነፃነቱን በገንዘብ ገዛ፣ ከዚያም በፊላደልፊያ በቅዱስ ጊዮርጊስ ሜቶዲስት ቤተ ክርስቲያን ለጥቁሮች መስበክ ጀመረ። የጥቁሮች ቁጥር ሲበዛ በሰገነት ላይ ተለይተው እንዲቀመጡ ታዘዙ። አንድ እሑድ በጸሎት ላይ ሳሉ የቤተ ክርስቲያኑ ኃላፊዎች መጥተው፣ ተንበርክኮ የሚጸልየውን አብሳሎም ጆንስን ጎትተው ሊያስነሡት ሞከሩ። ጸሎቱ ሲያልቅ ጥቁሮቹ በአንድነት ወጡ።

ከዚያ በኋላ አለን ምን አደረገ? እንዲህ የተበደለ ሰው ከእንግዲህ ማንም አይመርምረኝ ቢል ማን ይፈርድበታል? አለን ግን እንዲህ አላለም። የሜቶዲስት ቀላልና ግልጽ ስብከት ለወገኖቹ እንደሚስማማ ያምን ስለነበር ሜቶዲስት ሆኖ ቆየ። በ1794 ቤቴል ቤተ ክርስቲያን ስትከፈት የባረካት አስበሪ ነው፤ በ1799ም አለንን ዲያቆን አድርጎ ሾመው። ነጮቹ ሽማግሌዎች ግን የቤቴልን ንብረትና መድረክ ለመቆጣጠር መሞከራቸውን አላቆሙም። ክርክሩ እስከ ፔንስልቬንያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶ በ1816 ለቤቴል ተፈረደ። በዚያው ዓመት የአፍሪካ ሜቶዲስት ኤጲስቆጶሳዊት ቤተ ክርስቲያን ተመሠረተች፤ አለን የመጀመሪያው ጳጳስ ሆነ።

አዲሲቱ ቤተ ክርስቲያን ከመጀመሪያ ሥራዎቿ አንዱ የትምህርትና የሥርዓት መጽሐፏን ማሳተም ነበር፤ በ1817 አወጣችው። በአብዛኛው የሜቶዲስቶቹን ሥርዓት የተከተለ ነው። አለን ከበደለው መርማሪ ወጣ እንጂ ከመመርመር አልወጣም። ይህን ልዩነት በልባችሁ ያዙት።

4. ስቶን፦ መጽሐፍ ቅዱስ ብቻ፣ ነገር ግን ማን ይተርጉመው?

አሁን ወደ ኬን ሪጅ እንመለስ። ከመነቃቃቱ በኋላ ስቶንና ባልንጀሮቹ ክርስቶስ ለሁሉ ሞቷል፣ ኃጢአተኛ ሁሉ አሁን ሊያምን ይችላል ብለው ይሰብኩ ነበር። የፕሬስቢቴሪያን ሲኖዶስ ይህ ከእምነት መግለጫችን ጋር ይጋጫል አለ። እነርሱም በ1803 ወጥተው ስፕሪንግፊልድ የሚባል የራሳቸውን ፕሬስቢተሪ አቋቋሙ። ዓመት ሳይሞላው እርሱንም ሰው ሠራሽ ነው ብለው በሰኔ 1804 አፈረሱት። ያፈረሱበት ሰነድ የሟች ኑዛዜ ይመስላል፤ ፕሬስቢተሪው ይሙት፣ በክርስቶስ አካል ውስጥ ይዋጥ፣ መጽሐፍ ቅዱስ ብቻ መመሪያ ይሁን የሚል መንፈስ አለው። ከእንግዲህ ስማቸው “ክርስቲያኖች” ብቻ ሆነ።

የልባቸውን ንጽሕና አልጠራጠርም። ነገር ግን የሆነውን ተመልከቱ። በ1805 የሼከሮች መልእክተኞች የመነቃቃቱን ወሬ ሰምተው ከኒው ዮርክ መጡ። ሼከሮች ክርስቶስ አን ሊ በተባለች ሴት ዳግመኛ ተገልጧል ብለው የሚያምኑ፣ ጋብቻን የሚከለክሉ ነበሩ። ከስድስቱ ፈራሚዎች ሁለቱ፣ ሪቻርድ መክኔማርና ጆን ደንላቪ፣ ተከተሏቸው። ሌሎች ሁለት፣ ሮበርት ማርሻልና ጆን ቶምሰን፣ ቆይተው ወደ ፕሬስቢቴሪያኖች ተመለሱ። ከስቶን ጋር የቀረው ዴቪድ ፐርቪያንስ ብቻ ነበር።

ስድስቱም አንድ መጽሐፍ ቅዱስ ይዘው ነበር። የጎደላቸው መጽሐፉ አይደለም። አንዱ ሲስት ሌላው “ወንድሜ፣ ይህ ሐዋርያት ያስተማሩት አይደለም” ብሎ በሥልጣን የሚያቆምበት ኅብረት አልነበራቸውም፤ ራሳቸው አፍርሰውታልና። የሰው ትምህርት ይቅር ሲባል የሰው ትርጓሜ አይቀርም። በጽሑፍ የተቀመጠውና በብዙዎች የተመረመረው ይጣላል፤ በሰባኪው ራስ ውስጥ ያለው ግን ሳይመረመር ይቀመጣል።

በ1832 የስቶን ወገኖች ከአሌክሳንደር ካምቤል ወገኖች ጋር በሌክሲንግተን ተባበሩ። ክርስቲያኖችን ሁሉ አንድ ለማድረግ የተነሣው ይህ እንቅስቃሴ ብዙ ፍሬ አፍርቷል፤ ነገር ግን የአሜሪካ መንግሥት በ1906 ባደረገው የሃይማኖት ቆጠራ ሁለት የተለያዩ አብያተ ክርስቲያናት ሆኖ ተመዘገበ።

5. ሚለር፦ ሰባኪው በእንቅስቃሴው ሲወሰድ

ዊሊያም ሚለር የኒው ዮርክ ገበሬ ነበር። በወጣትነቱ እምነትን ትቶ ኋላ የተመለሰ፣ በ1812ቱ ጦርነት የተዋጋ፣ በጎረቤቶቹ ዘንድ የተከበረ ባፕቲስት ነው። ሁለት ዓመት ያህል መጽሐፍ ቅዱስንና የቃላት ማውጫ ይዞ ብቻውን አጠና። ከዳንኤል 8፥14 ተነሥቶ ቆጥሮ ክርስቶስ በ1843 ገደማ ይመለሳል አለ። እስከ 1831 ድረስ በአደባባይ አልሰበከውም። ዝናን የሚፈልግ ሰው እንዲህ አይታገሥም።

ነገሩ የተለወጠው በ1840 ነው። ጆሹዋ ሃይምስ የተባለ የቦስተን ሰባኪ ጋዜጣ ማሳተምና ትልልቅ ጉባኤዎችን ማዘጋጀት ጀመረ። የሚለር ስም በየቦታው ተሰማ። የተባለው ጊዜ በመጋቢት 1844 አለፈ፤ ሚለርም መሳሳቱን ተናገረ። እንቅስቃሴው ግን አልቆመም። በዚያ ክረምት ሳሙኤል ስኖው የተባለ ሌላ ሰባኪ ቀኑ ጥቅምት 22 ቀን 1844 ነው አለ፤ ሕዝቡም እንደ እሳት ተቀጣጠለ። ሚለር የተወሰነ ቀን መቁረጥን ለረጅም ጊዜ ሲሸሽ ቆይቶ፣ ቀኑ ሊደርስ ሁለት ሳምንት ያህል ሲቀረው ተቀበለው። ሰባኪው ሕዝቡን መምራቱ ቀርቶ ሕዝቡ ሰባኪውን መራው። ቀኑ መጣ፤ አለፈ። አንዳንዱ ሰብሉን ሳያጭድ ትቶ ነበር፤ ብዙው መሪር ልቅሶ አለቀሰ። ከተበተኑት ወገኖች አንዱ ከጊዜ በኋላ፣ በ1863፣ የሰባተኛ ቀን አድቬንቲስት ቤተ ክርስቲያን ሆኖ ተደራጀ።

ሚለር አታላይ ቢሆን ኖሮ ትምህርቱ ቀላል ነበር፤ አታላይን ተጠንቀቁ ብለን እናልፍ ነበር። ሚለር ግን ቅን ሰው ነበር። ቅንነት ብቻውን ሰባኪን ከስሕተት አይጠብቅም።

ማጠቃለያ

እነዚህ ሰዎች የተነሡት በሌላ አገርና በሌላ ዘመን ነው፤ ጥያቄያቸው ግን ከእኛ ሩቅ አይደለም። በደርግ ዘመን ብዙ የወንጌላውያን ጸሎት ቤቶች ሲዘጉ መንጋውን በየቤቱ የጠበቁት በአብዛኛው ኮሌጅ ያልገቡ ምእመናን ነበሩ። ስለዚህ እግዚአብሔር ያልተማረውን ይጠቀም እንደሆነ እኛ አንጠራጠርም። ቤርያውያን የጳውሎስን ስብከት እንኳ በመጻሕፍት እንደ መረመሩ (ሐዋ. 17፥11)፣ ጳውሎስም ነቢያት ሲናገሩ ሌሎች እንዲለዩ እንዳዘዘ (1ቆሮ. 14፥29) ግን አብረን እናስታውስ። ምርመራ የመንፈስ ቅዱስ ተቃራኒ አይደለም።

ስለዚህ መጋቢ የሆናችሁ፣ እንዲሁም ለመጋቢነት የምትዘጋጁ፣ ይህን ጽሑፍ ስትጨርሱ አንድ ነገር አድርጉ። “ተሳስተሃል፣ ይህን ስብከት አቁም” ቢሏችሁ የምትታዘዙላቸውን ሰዎች ስም በወረቀት ላይ ጻፉ። የሚያደንቋችሁን፣ ደመወዛቸውን ከእናንተ የሚቀበሉትንና በሩቅ ያሉትን አትቁጠሩ። ወረቀቱ ባዶ ከሆነ፣ ጉባኤያችሁ ምንም ያህል ቢሞላ አደጋ ላይ ናችሁ። ስሞች ካሉ ደግሞ በዚህ ሳምንት ከአንዳቸው ጋር ተቀመጡ፤ እንዲጠይቋችሁም ፍቀዱ።