የጓዳ ቀለም፤ እንሶስላ፥ እርድና የፋሲካ እንቍላል

የከፋ ምድር ስም በተነሣ ጊዜ ሁሉ ወደ አንባቢ ሐሳብ ቀድሞ የሚመጣው ቡና ነው። እኛ ግን ዛሬ በቦንጋ ዙሪያ ከሚገኙት ዕፀዋት መካከል ስለ ቀለም ሰጪዎቹ፥ ቀለምን በቤት ውስጥ ስለ ማውጣት ጥበብም ጥቂት ልንል አስበናል።

በክርስቲያኑ ዓለም እጅግ የታወቀው የጓዳ ቀለም የፋሲካ እንቍላል ነው። በዐቢይ ጾም እንቍላል አይበላም፤ ዶሮ ግን መጣሏን አትተውም። ስለዚህ ለበዓሉ ብዙ ይጠራቀም ነበር። የእንግሊዝ ንጉሥ ቀዳማዊ ኤድዋርድ እ.ኤ.አ. በ1290 ለፋሲካ 450 እንቍላል በቀለምና በወርቅ ቅጠል አስጊጦ ለቤተ ሰዎቹ ማደሉ በወጪ መዝገቡ ተጽፎ ይገኛል። አርመኖችም እንቍላሉን ከሽንኵርት ልጣጭ ጋር ቀቅለው ያቀሉታል።

በአገራችን 55ቱ የጾም ቀን ሲፈጸም እንቍላሉ ተቀቅሎና ቅርፊቱ ተልጦ ከዶሮው ወጥ ይገባል፤ ቀለሙንም ከበርበሬው ያገኛል። ቅርፊቱን ማቅለም ልማድ ባይሆንም፥ ቀለም ሰጪ ዕፅ አጥተን አይደለም። እርድ በከፋና በአካባቢው ጓሮ ይበቅላል። የመቅመቆ ሥር ቅቤ ሲነጠር ቢጫ መልክ ይሰጠዋል። ከሁሉ ይልቅ የሚያስደንቀው ግን በደጋ ደን ጥላና በወንዝ ዳር የሚበቅለው እንሶስላ ነው። ሴቶች ሥሩን ቆፍረው፥ ወቅጠው፥ በእጃቸውና በእግራቸው ላይ አሥረው ያቀሉበታል። ፈረንሳዊው የዕፀዋት ሊቅ አሺል ሪሻር እ.ኤ.አ. በ1847 ለዚህ ተክል «ቲንክቶሪያ» የሚል የላቲን ስም ሰጠው፤ ትርጓሜውም «የቀለም» ማለት ነው። ሊቁ በስሙ ይታወቃል፤ ጥበቡን ያገኙት እናቶች ግን ስማቸው አልተጻፈም። የኋለኞቹ ተመራማሪዎችም በሥሩ ውስጥ ከሂና ቀለም ጋር የተዛመደና የቆዳ ፈንገስን የሚቋቋም ንጥረ ነገር አግኝተዋል።

እ.ኤ.አ. በ1856 ዊልያም ፐርኪን የተባለ የ18 ዓመት እንግሊዛዊ ወጣት ከድንጋይ ከሰል ቅጥራን ሐምራዊ ቀለም አወጣ። ከዚያ ወዲህ የፋብሪካ ቀለም በርካሽ እየተሸጠ በየአገሩ የዕፁን ቀለም ከገበያ አስወጣ። ቀለሙ ሲተው ዕውቀቱም አብሮ ይረሳል፤ እኛን የሚያሳስበን ይህ ነው።

ጥበቡን ለተማሪዎች ለማሳየት ብዙ ወጪ አያስፈልግም። የቀይ ሽንኵርት ልጣጭ በውሃ አፍልቶ እንቍላል ቢቀቅሉበት ቅርፊቱ ወደ ቀይ ቡናማ ይለወጣል። እርድ በሆነ ጊዜ ደማቅ ቢጫ ይወጣል። ጥቂት ኮምጣጤ ቢጨመርበት ደግሞ የቅርፊቱን ኖራ መሰል አካል በመጠኑ ስለሚበላው ቀለሙ በደንብ ይይዛል። የእርድ ውሃ የዐመድ ውሃ ሲነካው ወደ ቀይ መለወጡም የኬሚስትሪ ትምህርት ይሆናል። እንሶስላ ግን ለቆዳ እንጂ ለሚበላ ነገር አይደለምና ከእንቍላል ይራቅ።

የከፋ ደን በ2002 ዓ.ም. በዩኔስኮ የሕይወት ክልል ጥብቅ ቦታዎች መዝገብ ገብቷል። ይህም ዕፁን ለመጠበቅ ይረዳል፤ የዕፁን ጥቅም የሚያውቁትን ሽማግሌዎችና አሮጊቶች ቃል ግን መዝገቡ አይጠብቅልንም። ስለዚህ መምህራን ተማሪዎቻቸውን ወደየአያቶቻቸው ልከው፥ የትኛው ሥር በየትኛው ወር እንደሚቆፈርና እንዴት እንደሚወቀጥ ጠይቀው እንዲጽፉ ቢያደርጉ፥ ለታሪካችን ታላቅ ውለታ እንደ ዋሉ እንቈጥረዋለን።