የደብረ ታቦር እሳት፣ የእስላምጌ ገደል

የ19ኛው ክፍለ ዘመን ነፍሰ ገዳይ ሲነሣ የሎንዶኑ «ጃክ» ይጠቀሳል። እርሱ በጨለማ፣ ስሙን ሸሽጎ ገደለ። የእኛው ግን በጠራራ ፀሐይ፣ ዘውድ ደፍቶ ነው።

አፄ ቴዎድሮስ በጋፋት መድፍ ያሠሩ፣ አገር አንድ ለማድረግ የደከሙ ንጉሥ ናቸው። ይሁንና ሽፍትነት ሲበዛባቸው ቅጣቱ ከሸፋቹ አልፎ ባላገሩን ፈጀ። በ1859 ዓ.ም. ጎንደርን፣ በ1860 ዓ.ም. መግቢያ መናገሻቸውን ደብረ ታቦርን አቃጠሉ። «ሴባስቶፖል»ን እያስጎተቱም መቅደላ ደረሱ።

ሚያዝያ 2 ቀን 1860 ዓ.ም. እስረኞች የሚበላና የሚጠጣ አጥተው ጮኹ። ንጉሡ ተቆጡ፤ ሁለት መቶ ያህሉ በእስላምጌ ገደል ተወረወሩ። ከአራት ቀን በኋላ ራሳቸውን ገደሉ።

ለዚያች አንዲት ጥይት ስንት ተገጠመ! ለገደሉ ሟቾችስ ማን አለቀሰ? ጀግናውን እናክብር፤ ሟቾቹን ግን አንርሳ።