ሁለት ጊዜ ተመርቶ ማሸነፍ

ነገሌ ቦረና፣ ያቤሎ፣ ሞያሌ ያደግን ምሩቃን ስንገናኝ ወሬያችን ወደ ኳስ መዞሩ አይቀርም። የኳስ ወሬ ደግሞ ዞሮ ዞሮ ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. ላይ ያርፋል።

ያን ጊዜ ግብፅ ለኢትዮጵያ የማትቀመስ ነበረች። በአፍሪካ ዋንጫ በ1949 ካርቱም ላይ 4 ለ 0፣ በ1951 ካይሮ ላይ እንደገና 4 ለ 0 አሸንፋን ነበር። ጥምቀት በዋለ በሦስተኛው ቀን፣ እሁድ፣ አዲስ አበባ ስታዲየም ለፍጻሜ ተገናኘን። አሰልጣኛችን ይድነቃቸው ተሰማ ነበሩ።

በዳዊ ቀድሞ አገባ። ከእረፍት በኋላ ግርማ ተክሌ አቻ ቢያደርገንም በዳዊ ወዲያው ደገመ። ሊያልቅ ስድስት ደቂቃ ገደማ ሲቀረው አምበሉ ሉቺያኖ ቫሳሎ እንደገና አቻ አደረገን። በጭማሪው ሰዓት ታናሽ ወንድሙ ኢታሎ፣ ቀጥሎም መንግሥቱ ወርቁ አስቆጠሩና 4 ለ 2 አለቀ። አራቷን ጎል በተራችን መለስናት።

ከዚያ ወዲህ ለፍጻሜ ደርሰን አናውቅም። ውድ መምህራን፣ ለዛሬ ተማሪዎች ስትነግሯቸው ግን ዋንጫውን ብቻ አትንገሯቸው፤ ሁለቴ 4 ለ 0 የተረታ ቡድን በሦስተኛው ሁለቴ ተመርቶም እጅ አለመስጠቱን ጭምር ንገሯቸው።